በቪክቶሪያ ዘመን ክሪኬት «አማተር» ምንድን ነው?

እኛ ዘንድ አማተር ሲባል ቀድሞ የሚታሰበው በቀበሌ አዳራሽ ቲያትር የሚለማመድ ወጣት ወይም ሥራው ገና ያልበሰለ ጀማሪ ነው። በንግሥት ቪክቶሪያ ዘመን እንግሊዝ ግን ቃሉ ስለ ችሎታ አንዳች አይናገርም ነበር። የሚናገረው ስለ ኪስ፣ ከኪስም ይልቅ ስለ ትውልድ ነው። ያለ ደመወዝ ክሪኬት (በዱላና በኳስ የሚደረገውን የሜዳ ጨዋታ) የሚጫወተው «ጨዋ» ሲባል፣ በደመወዝ የሚጫወተው «ተጫዋች» ብቻ ይባላል። «የጨዋ ልጅ» የምንለው አነጋገር ለዚህ ልክ የተሰፋ ይመስላል።

ሁለቱ ወገኖች ከ1806 ጀምሮ (ዓመቶቹ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) እርስ በርስ ይጋጠሙ ነበር። ባንድ ቡድን ሲሰለፉ እንኳ ልብስ የሚቀይሩበት ክፍልና ወደ ሜዳ የሚገቡበት በር ብዙ ጊዜ ለየብቻ ነው።

አልፍሬድ ሊትልተንን እንውሰድ። በ1857 የተወለደ፣ የባሮን (የመኳንንት ማዕረግ ነው) ስምንተኛ ወንድ ልጅ ነው፤ በኢተን፣ በባለጸጎቹ ትምህርት ቤት፣ ቀጥሎም በካምብሪጅ ዩኒቨርሲቲ ተማረ። በ1877 ለእንግሊዝ እግር ኳስ ተሰልፎ ስኮትላንድ ላይ ግብ አስቆጠረ። በዚያ ግጥሚያ ኳስ አላቀብልም ብሎ የቡድን ጓደኛው ቢያማርርበት፣ እኔ የምጫወተው ለገዛ ደስታዬ ነው ብሎ መለሰለት ይባላል። ደመወዝተኛ እንዲህ ብሎ ቢመልስ በማግሥቱ ሥራ ፈት በሆነ ነበር!

በ1884 ደግሞ በለንደኑ ኦቫል ሜዳ አውስትራሊያ 551 ሩጫ (የክሪኬት ነጥብ) አስቆጠረች። እንግሊዝ ጨንቋት አሥራ አንዱንም ተጫዋቾቿን በየተራ ኳስ አስወረወረች። ዊኬት ጠባቂው፣ ማለትም ከመቺው ኋላ ቆሞ ኳስ የሚይዘው እንጂ የማይወረውረው፣ ሊትልተን የእግር መከላከያውን ሳያወልቅ፣ እጁን ዝቅ አድርጎ በአሮጌው ስልት እየወረወረ 19 ሩጫ ብቻ ሰጥቶ አራት መቺዎችን ከጨዋታ አስወጣ።

መተዳደሪያው ጥብቅና ነበር፤ በ1881 ባሪስተር፣ ማለትም ችሎት ቆሞ የሚከራከር ጠበቃ፣ ሆነ። የሚገርመው፣ የባሪስተር ክፍያም በሕግ ዓይን የአክብሮት ስጦታ እንጂ ደመወዝ አልነበረም፤ ደንበኛው ቢያስቀርበት ከሶ ማስከፈል አይችልም። ሜዳውም ችሎቱም ገንዘብ መጠየቅን እንደ ነውር ያዩ ነበር። የፍርድ ቤቱ ረጅም ዕረፍት በበጋቸው፣ በክሪኬቱ ወቅት መዋሉም ለእንዲህ ያለው ሰው ተመችቶታል። በኋላ ፖለቲካው ሳበውና ከ1903 እስከ 1905 የቅኝ ግዛት ሚኒስትር ሆነ።

ነውሩ ግን በመጠየቅ እንጂ በመቀበል አልነበረም። የዘመኑ ታላቅ ተጫዋች፣ ሐኪሙ ደብሊው ጂ ግሬስ፣ አማተር ተብሎ ሳለ ለ1873–74 የአውስትራሊያ ጉዞ 1,500 ፓውንድ ተከፍሎታል። አብረውት የሄዱት ደመወዝተኞች ለያንዳንዳቸው የደረሳቸው 170 ፓውንድ ነው። የአማተርና የደመወዝተኛ ልዩነት በይፋ የተሻረው በ1962 ሲሆን፣ ከዚያ ወዲህ ሁሉም ክሪኬት ተጫዋች ብቻ ተባሉ።