ቫይኪንጎች፦ ከገበሬ ቤት እስከ ባግዳድ ገበያ

በ793፣ በጁን ወር፣ ከሰሜን ምሥራቅ እንግሊዝ ጠረፍ አጠገብ ወዳለችው የሊንዲስፋርን ደሴት መርከቦች መጡ። (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።) ደሴቲቱ ላይ የቅዱስ ከትበርት አጽም ያረፈበት ስመ ጥር ገዳም ነበር። የመጡት ሰዎች፣ ከሰሜን አውሮፓ፣ ከስካንዲኔቪያ የተነሡት ቫይኪንጎች፣ ንዋያተ ቅድሳቱን ዘረፉ። ከመነኮሳቱ ገሚሱን ገደሉ፣ ገሚሱን አስረው ወሰዱ። ወሬው አውሮፓን አስደነገጠ። የንጉሥ ሻርለማኝ አማካሪ የነበረው እንግሊዛዊው ሊቅ አልኩዊን ለደሴቲቱ ጳጳስ የሐዘን ደብዳቤ ላከ፤ ነገሩንም የእግዚአብሔር ቁጣ አድርጎ አየው።

የቫይኪንግ ዘመን ብዙውን ጊዜ ከዚህ ቀን ይቆጠራል። ማብቂያው ደግሞ 1066 ነው ይባላል። ሁለቱም ለእንግሊዝ ታሪክ የሚመቹ ቀኖች ናቸው። በሰሜኑ ግን ነገሩ ቀደም ብሎ ነው የጀመረው። ኢስቶኒያ ውስጥ ሳልሜ በምትባል መንደር፣ በ2008 እና በ2010 በተደረገ ቁፋሮ፣ ሁለት መርከቦች ተገኝተዋል። ውስጣቸው ከ40 በላይ ወንዶች ከነሰይፋቸው ተቀብረዋል። ከዛሬዋ ስዊድን አካባቢ የመጡ ሰዎች ሲሆኑ፣ የተቀበሩት ከሊንዲስፋርን ወደ 40 ዓመት ገደማ አስቀድሞ ነው።

ስለ ቫይኪንጎች መጀመሪያ የጻፉት እንግዲህ የተዘረፉት ሰዎች ናቸው። ቫይኪንጎቹ ራሳቸው ሩን በሚባል 16 ፊደል ድንጋይና እንጨት ላይ አጫጭር ነገር ይቀርጹ ነበር እንጂ መጽሐፍ አልጻፉም። አይስላንዳውያን የአያቶቻቸውን ታሪክ በብራና ያሰፈሩት በብዛት በ1200ዎቹ፣ ክርስትና ከገባ በኋላ ነው። የቀረውን የነገረን መሬቱ ነው። መቃብር፣ የሰጠመ መርከብ፣ የተቀበረ ብር።

አንድ ሕዝብም አልነበሩም። ዛሬ ዴንማርክ፣ ኖርዌይና ስዊድን የምንላቸው አገሮች ያኔ ገና አልተፈጠሩም። የነበሩት የየአካባቢው አለቆችና ትናንሽ ነገሥታት ናቸው። ቋንቋቸው ተቀራራቢ፣ አማልክታቸው የጋራ፣ ጠባቸውም የእርስ በርስ ነበር። አብዛኛው ሰው ደግሞ ዕድሜ ልኩን ማንንም አልዘረፈም። ገበሬ ነው። ገብስ፣ አጃና ራይ ይዘራል፤ ላም፣ በግና አሳማ ያረባል። ለዘረፋ የሚወጡት በአብዛኛው ወጣቶች ናቸው። በበጋ ይሄዳሉ፣ ቢሳካላቸው ብር ይዘው ለመኸር ይመለሳሉ። ኋላ ላይ ግን እዚያው የሚከርሙ ሠራዊቶች መጡ።

ቤታቸው ረጅም ነው። በእንጨት ምሰሶ የቆመ፣ ግድግዳው ከጭቃና ከጭራሮ ወይም ከነሣሩ ከተቆረጠ አፈር የተሠራ፣ ብዙ ጊዜ ከ15 እስከ 30 ሜትር የሚረዝም። መሐል ላይ ምድጃ ይነዳል። ጭሱ የሚወጣው በጣሪያው ቀዳዳ ነው፣ ያውም ከወጣ። በግድግዳው ጥግና ጥግ የተሠራው መደብ ቀን መቀመጫ፣ ማታ መኝታ ይሆናል። በብዙ ቦታ ከብቶቹ በአንዱ ጫፍ ያድራሉ፤ ለክረምቱ ብርድ ሙቀታቸው ራሱ ትልቅ ነገር ነው። ምግቡ ገንፎ፣ ቂጣ፣ ቅቤ፣ አይብና ዓሣ ነው። ከሰሜን ኖርዌይ የደረቀ ዓሣ ዛሬ በሰሜን ጀርመን እስከምትገኘው የሄደቢ ከተማ ድረስ ይነገድ ነበር። መጠጣቸው የገብስ ጠላ ነው። ለክብር ቀን ደግሞ ከማር የሚጠመቅ፣ የኛ ጠጅ ዘመድ የሆነ መጠጥ ይቀርባል።

ቆሻሾች ነበሩ የሚለው ነገር እንደ መስካሪው ነው። የባግዳዱ ኸሊፋ መልእክተኛ አሕመድ ኢብን ፋድላን በ922 በቮልጋ ወንዝ ዳር ሩስ የሚባሉትን የሰሜን ነጋዴዎች አይቷል። ቁመናቸውን አድንቆ ከቴምር ዛፍ ጋር አወዳደራቸው። ንጽሕናቸውን ግን ተጸየፈው። ሁሉም በአንድ ገበቴ ውኃ ተራ በተራ ፊታቸውን ሲታጠቡ ማየቱን በዝርዝር ጽፏል። በ1200ዎቹ የነበረ አንድ እንግሊዛዊ ዜና መዋዕል ጸሐፊ ደግሞ ተቃራኒውን ነው የሚያማርረው። ዴንማርኮቹ በየቀኑ ጸጉራቸውን እያበጠሩ፣ በየቅዳሜው ገላቸውን እየታጠቡ፣ የእንግሊዝ ሴቶችን አማለሉብን ይላል! በየቁፋሮው የሚገኘው ከአጋዘን ቀንድ የተሠራ ማበጠሪያ ብዛት ሁለተኛውን ይደግፋል።

ቀንድ ያለው የራስ ቁር ነገርስ? የለም። የኖርዌዩ የየርሙንድቡ ቁር በ1943 ሲገኝ ክብ፣ የብረት፣ መነጽር የመሰለ የዓይን መከለያ ያለው ሆኖ ተገኘ፤ ቀንድ የሚባል ነገር የለውም። ቀንዱን በሕዝብ ዓይን የተከሉት በ1876 በጀርመን ለታየው የዋግነር ኦፔራ የተሰፉት አልባሳት ናቸው።

አሁን ወደ መርከቡ። ያለ መርከቡ ይህ ሁሉ ታሪክ የለም። ሳንቃዎቹ ጫፍ በጫፍ እየተደራረቡ በብረት ሚስማር ይያያዛሉ። ስለዚህ ቀፎው ቀላል ነው፣ ማዕበል ሲመታውም ይተጣጠፋል። በ1880 ኖርዌይ ውስጥ የተገኘው የጎክስታድ መርከብ 23 ሜትር ያህል ይረዝማል፤ በየጎኑ 16 መቅዘፊያ አለው። ውኃው ውስጥ የሚገባው አንድ ሜትር ገደማ ብቻ በመሆኑ እንዲህ ያለ መርከብ ውቅያኖስ ያቋርጣል፣ ወንዝም ይገባል፣ ወደብ ሳይፈልግ አሸዋ ላይ ይወጣል። በ1893 ኖርዌያውያን ተመሳሳዩን ሠርተው አትላንቲክን ከአንድ ወር ባነሰ ጊዜ በማቋረጥ ቺካጎ ለነበረው የዓለም ኤግዚቢሽን አደረሱት።

ስለ መርከብ ሲወራ የሚረሳው ሸራው ነው። ሸራው ከበግ ጠጉር ይሠራል። የብዙ በጎች ጠጉር ተሸልቶ፣ ተፈትሎ፣ ተሸምኖ ነው አንድ ትልቅ ሸራ የሚወጣው። የሚፈጀውም ጊዜ ቀፎውን ከመሥራት ሊበልጥ ይችላል። ይህን የሚሠሩት ሴቶች ናቸው። ከዘመቻው በስተኋላ ብዙ እንዝርት አለ።

ዘመቻውን የሚነዳው ብር ነው። ማዕድኑን ማለቴ ነው። ሰሜኖቹ የራሳቸው የብር ማዕድን ይህን ያህል አልነበራቸውም፤ ፍላጎታቸው ግን ወሰን አልነበረውም። ሳንቲሙ ላይ የተጻፈው የማን ስም እንደሆነ ግድ የላቸውም፤ ይመዝኑታል፣ ካስፈለገም ይቆራርጡታል። በምዕራብ ብሩን በጉልበት አገኙት። በ845 ፓሪስ ደርሰው ከንጉሥ ቻርለስ (በቅጽል ስሙ ራሰ በራው) 7,000 ፓውንድ ብር ተቀብለው ሄዱ። እንዲህ ያለ ክፍያ ሰላም አይገዛም፤ በ885 ተመልሰው ከተማይቱን ለወራት ከበቧት። እንግሊዞችም ይህንኑ ስሕተት ደግመውታል። በ991 ከማልደን ሽንፈት በኋላ 10,000 ፓውንድ ከፈሉ። የዴንማርኩ ክኑት እንግሊዝን ይዞ ከነገሠ በኋላ፣ በ1018፣ ለሠራዊቱ ለመክፈል 72,000 ፓውንድ ተሰበሰበ። የዚያ ዘመን የእንግሊዝ ሳንቲም ዛሬ ከእንግሊዝ ይልቅ በስካንዲኔቪያ መሬት ውስጥ በብዛት የሚገኘው ለዚህ ነው።

በምሥራቅ ግን ብሩ የመጣው በንግድ ነው። በባልቲክ ተሻግረው፣ በቮልጋና በድኒፐር ወንዞች ወርደው፣ መርከቦቻቸውን ከአንዱ ወንዝ ወደ ሌላው በየብስ እየጎተቱ ቁስጥንጥንያ ድረስ ደረሱ። አንዳንዶቹ ዕቃቸውን በግመል ጭነው እስከ ባግዳድ እንደዘለቁ የዘመኑ የዓረብኛ ጽሑፎች ይናገራሉ። ይዘው የሚወርዱት የእንስሳት ቆዳ፣ ማር፣ ሰምና ባሪያ ነው። ይዘው የሚመለሱት ድርሃም የሚባል የዓረብ የብር ሳንቲም። ኢብን ፋድላን እንደጻፈው ሰውየው 10,000 ድርሃም ባገኘ ቁጥር ሚስቱ አንገት ላይ አንድ ቀለበት ይጨመራል። ማጋነን ሊሆን ይችላል። በ1999 ግን በጎትላንድ ደሴት በአንድ እርሻ 67 ኪሎ ብር ተቆፍሮ ወጣ። ከ14,000 በላይ ሳንቲም አለው፣ አብዛኛው የእስልምናው ዓለም ነው። በስዊድን ሄልጎ ደሴት ደግሞ ከሕንድ ክፍለ አህጉር ሰሜን ምዕራብ የመጣች ትንሽ የነሐስ ቡድሃ ተገኝታለች።

ባሪያ የሚለው ላይ ቆም ማለት ይገባል። በየሱቁ የሚሸጠው የቫይኪንግ ጌጣጌጥና ቲሸርት ይህን ነገር ይዘለዋል። የነፃው ገበሬ ማዕረግ የሚለካው ከበታቹ ባሉት ባሪያዎች ጭምር ነበር። በ841 የጦር ሰፈር ሆና የተጀመረችው ደብሊን የባሪያ ገበያ ሆነች። አይርላንዶችና ስላቮች በብዛት ተሽጠዋል። የዛሬ አይስላንዳውያን የእናት ወገን ዘር ሲመረመር ከግማሽ በላይ ወደ አየርላንድና ስኮትላንድ ያመራል፤ የአባት ወገኑ ግን በአብዛኛው ወደ ኖርዌይ። ከነዚያ ሴቶች ስንቶቹ ወደው እንደሄዱ መገመት አይከብድም።

የነፃ ሴት ዕጣ ግን ሌላ ነው። የቤቱን ቁልፍ የምትይዘው እሷ ናት። ባል በሌለበት እርሻውን ታስተዳድራለች፤ ንብረት ትወርሳለች፤ መፋታትም ትችላለች። በ960ዎቹ ገደማ ሄደቢን የጎበኘው የአንዳሉስ (የዛሬዋ ስፔን) ሰው አል ጠርጡሺ የፍቺው ነገር ገርሞታል። (ዘፈናቸውን ግን ከውሻ ጩኸት የባሰ ነው ብሎታል።) በ834 የተቀበረውና በ1903 የተገኘው የኦሴበርግ መርከብ፣ ከቫይኪንግ መቃብሮች ሁሉ ሀብታሙ፣ የሁለት ሴቶች መቃብር ነው። በስዊድኗ ቢርካ ከሰይፍ፣ ከቀስትና ከሁለት ፈረስ ጋር የተቀበረው “ጦረኛ” ደግሞ በ2017 በዘረ መል ሲመረመር ሴት ሆኖ ተገኘ። ተዋጊ ነበረች ወይስ መሣሪያው የክብር ምልክት ብቻ ነው? ሊቃውንቱ አልተስማሙም።

ሕግ አልባ አልነበሩም። ነፃ ወንዶች በሸንጎ ተሰብስበው ይሟገታሉ። ደም ከፈሰሰ ካሳ ይቆረጣል፤ ካሳው ካልተከፈለ ደም መመለስ ይከተላል። አይስላንድ ላይ ከ870 ገደማ ጀምሮ የሰፈሩት ሰዎች በ930 አልቲንግ የተባለውን የአገር ሸንጎ አቋቋሙ። ሕጉ ያልተጻፈ ስለነበር ሕግ ነጋሪው በቃሉ ይዞ በየዓመቱ አንድ ሦስተኛውን ያሰማል።

ሃይማኖቱም የተለወጠው በሸንጎ ነው። አብዛኛው ሰው ኦዲንን፣ ቶርንና ፍሬይን ያመልክ ነበር። በ1000 ገደማ አይስላንድ በክርስቲያንና በአረማዊ ልትከፈል ስትል፣ ራሱ አረማዊ ለሆነው ሕግ ነጋሪ ለቶርጌር ዳኝነቱ ተሰጠ። ቶርጌር ካባ ተከናንቦ አንድ ቀንና ሌሊት ተኛ። ሲነሳ ሁሉም ይጠመቅ፣ አሮጌውን መሥዋዕት የሚፈልግ ግን በስውር ያድርግ ብሎ ፈረደ። በዴንማርክ ንጉሥ ሃራልድ ብሉቱዝ በ965 ገደማ ተጠምቆ ነገሩን ዬሊንግ ላይ በድንጋይ አስቀረጸ። የስልካችን ብሉቱዝ የተሰየመው በእሱ ነው፤ ምልክቱም የስሙ ሁለት የሩን ፊደላት ተጣምረው ነው።

ከአይስላንድ ኤሪክ ቀዩ በ985 ገደማ ግሪንላንድ ሰፈረ። ልጁ ሌፍ ሰሜን አሜሪካ ደረሰ። ይህ ለረጅም ጊዜ ተረት ነበር። በ1960 ኖርዌያውያን ባልና ሚስት፣ ሄልገና አነ ስቲነ ኢንግስታድ፣ በካናዳዋ ኒውፋውንድላንድ የሰፈሩን ፍርስራሽ እስኪያገኙ ድረስ። እዚያ ከተገኙት እንጨቶች አንዳንዶቹ በ1021 እንደተቆረጡ በ2021 ታውቋል፤ ከኮሎምቦስ 471 ዓመት በፊት።

ዘረፋው የቆመው በአንድ ቀን አይደለም። የምሥራቁ ብር በ900ዎቹ መጨረሻ ነጠፈ። አለቆቹ ተሰብስበው በአንድ ንጉሥ ሥር ገቡ። ንጉሡም ግብር መሰብሰብ ስለቻለ ጎረቤት መዝረፉ ቀረለት። በ911 በሴን ወንዝ አፍ መሬት የተሰጠው የቫይኪንግ አለቃ ሮሎ ልጆቹ ፈረንሳይኛ ተናጋሪ መሳፍንት ሆኑ። በሴፕቴምበር 25 ቀን 1066 የኖርዌዩ ንጉሥ ሃራልድ ሃርድራዳ፣ በወጣትነቱ በቁስጥንጥንያ የንጉሠ ነገሥቱ ዘብ የነበረው፣ እንግሊዝን ሊይዝ ሄዶ ስታምፎርድ ብሪጅ ላይ ሞተ። ከሦስት ሳምንት ገደማ በኋላ እንግሊዝን ድል ያደረገው ዊሊያም የሮሎ ዘር ነው።

ስቶክሆልም የምትኖሩ አንባቢዎች የሄልጎዋን ቡድሃ በታሪክ ሙዚየሙ ታገኟታላችሁ። በበጋ ወደ ቢርካ ጀልባ አለ። የጎትላንዱ ብር ቪስቢ ከተማ ሙዚየም ውስጥ ነው። ኦሴበርግና ጎክስታድ ያሉበት የኦስሎው ሙዚየም በ2022 ለማስፋፊያ ስለተዘጋ ከመሄዳችሁ በፊት መከፈቱን አጣሩ።