«ፓስታፋሪያን» ማለት ምን ማለት ነው?

ቃሉ «ፓስታ» እና «ራስተፈሪያን» ከሚሉት የተዳቀለ በመሆኑ የእኛው «ራስ ተፈሪ» በውስጡ ቢሰማም፣ ከራስተፈሪያን እምነት ጋር ዝምድና የለውም፤ ለብዙዎች የከበረ ስም ለቃላት ጨዋታ መዋሉም ተገቢ አይመስለኝም። ስያሜው የሚያመለክተው፣ ቦቢ ሄንደርሰን የተባለ አሜሪካዊ በ2005 እ.ኤ.አ. ለካንሳስ ግዛት የትምህርት ቦርድ በጻፈው ግልጽ ደብዳቤ፣ ዓለም በንድፍ ተፈጠረ የሚለው አስተሳሰብ በሳይንስ ክፍለ ጊዜ ከዝግመተ ለውጥ ጎን የሚሰጥ ከሆነ ለእርሱም ፈጣሪ እኩል ጊዜ ይሰጠው ሲል ያቀረበውን፣ ከፓስታና ከተድቦለቦለ ሥጋ የተሠራ በራሪ አምላክ እንከተላለን የሚሉትን ሰዎች ነው።

ግራ የሚያጋባው የዚህ እምነት ሕጋዊ አቋም ነው። ተከታዮቹ ለመታወቂያ ፎቶ የፓስታ ማጥለያ እንደ ሃይማኖታዊ ቆብ ራሳቸው ላይ ይደፋሉ፤ ሆኖም በ2016 እ.ኤ.አ. በአሜሪካዋ ኔብራስካ ግዛት ያለ የፌዴራል ፍርድ ቤት እምነቱ ሃይማኖት አይደለም ሲል፣ በዚያው ዓመት በኒው ዚላንድ በሥርዓቱ መሠረት ሕጋዊ ጋብቻ ተፈጽሟል።