መጋለጥ መመረዝ ነውን? ቲ60 የተባለው ኮድ ምንድን ነው?

ሰሞኑን አንድ አስተያየት ሰጪ ከሕክምና መዝገብ የተቀዳ ሠንጠረዥ ይዞ፣ ቲ60፣ ኤክስ48 እና ዜድ57.4 በተባሉት የበሽታ መመደቢያ ኮዶች ሥር የሰፈሩትን ቁጥሮች ደምሮ «በፀረ ተባይ የተመረዙት ይህን ያህል ናቸው» ሲል አነበብኩ። እንዲህ ያለ ድምር ሳይ የመጀመሪያዬ አይደለም፤ ዝም ብዬ ማለፍ የቻልኩት ግን እስከ አሁን ድረስ ነው። ሰውየው መጋለጥንና መመረዝን አንድ አድርጎ አይቷቸዋል፤ በዚያ ላይ አንዱን በሽተኛ ሁለት ጊዜ ቆጥሮታል።

በዓለም ጤና ድርጅት የበሽታዎች ምደባ በ10ኛው እትም ውስጥ ከቲ51 እስከ ቲ65 ያለው ክፍል፣ በአብዛኛው ለመድኃኒትነት የማይውሉ ኬሚካሎች በሰውነት ላይ ላደረሱት ጉዳት የተመደበ ነው። ቲ56 ለብረታ ብረት፣ ቲ58 ለካርቦን ሞኖክሳይድ፣ ቲ60 ለፀረ ተባይ ነው፤ ከዚህም ውስጥ ቲ60.0 ኦርጋኖፎስፌትና ካርባሜት ለተባሉት የነፍሳት ማጥፊያዎች ይውላል። ዜድ57.4 ግን የሚመሰክረው አንድ ሰው በግብርና ሥራው ላይ ሳለ ለመርዛማ ነገር መጋለጡን ብቻ ነው።

ዝናብ እየዘነበ ደጅ መቆም አንድ ነገር ነው፤ መበስበስ ሌላ ነው፤ በዚያ ሰበብ መታመም ደግሞ ሦስተኛ ነው። ደጅ የቆመው ዜድ57 ነው። ጓንት፣ ጭምብልና መከላከያ ልብስ ያደረገ ሰው ጃንጥላ እንደያዘ ይቆጠራልና ደጅ ውሎም ላይበሰብስ ይችላል። የበሰበሰው ልብሱ ሲጨመቅ ውኃ የሚወጣው ነው፤ ሐኪም የጻፈውን ወደ ኮድ በምንለውጠው በእኛ ሥራ ይህን የሚመስለው በደም ምርመራ የተገኘ፣ እርሳስ የተባለው ብረት ከልክ ያለፈ መጠን ሲሆን፣ በደም ውስጥ ለሚገኙ ከባድ ብረቶች የተመደበ አር78.7 የተባለ ኮድ አለው፤ ባለቤቱ ግን ገና ሕመም ላይሰማው ይችላል። ቲ የሚጻፈው ብርዱ ለመታው ነው።

ምሳሌውን ከጀመርኩት አይቀር ልጨርሰው። ልብስ ይደርቃል፤ በደም ውስጥ ያለው ካርቦን ሞኖክሳይድም ሰውየው ንጹሕ አየር ሲተነፍስ ከአራት እስከ ስድስት ሰዓት ባለው ጊዜ ውስጥ በግማሽ ስለሚቀንስ፣ ዘግይቶ የተቀዳ ደም ጥሩ ውጤት ማሳየቱ ሰውየው አልተመረዘም አያሰኝም። እርሳስ በተቃራኒው ከደም ወደ አጥንት ገብቶ ለአሥርት ዓመታት ይቀመጣል፤ ላዩ የደረቀ፣ ውስጡ የረጠበ ካፖርት ነው። በኦርጋኖፎስፌት ጉዳይ የሚለካው ኮሊንስትሬስ የተባለው የደም ኤንዛይም ደግሞ ከሰው ሰው በጣም ስለሚለያይ፣ ልብሱ ደረቅ ሳለ ምን ያህል ይመዝን እንደነበር ካልታወቀ ምን ያህል ውኃ እንደጠጣ ለመናገር ያስቸግራል።

ሁለት ሰዎች በአንድ ማሳ ላይ ፀረ ተባይ ሲረጩ ውለው አብረው ወደ ሕክምና መጡ እንበል። የአንደኛው የዓይን ብሌን እንደ መርፌ ቀዳዳ ጠቧል፣ ለሃጩ ይዝረበረባል፣ ላብ አጥምቆታል፣ ጡንቻው ይርገበገባል፤ ሐኪሙ በኦርጋኖፎስፌት መመረዙን ጽፎ አትሮፒን የተባለውን ማርከሻ ያዝለታል። ይህ ሰው ቲ60.0 ይሰጠዋል፤ ነገሩ ድንገተኛ አደጋ በመሆኑም ጉዳቱ እንዴት እንደደረሰ የሚገልጸው ኤክስ48 በተጓዳኝ ይጻፍለታል። ሁለተኛው ተመርምሮ ምንም ምልክት አልተገኘበትም፤ ዜድ57.4 ተጽፎለት ይሄዳል። አስተያየት ሰጪያችን ሦስት ሰው ተመርዟል ይላል።

ለግራ መጋባቱ ምደባውም ቢሆን ከወቀሳ አያመልጥም፤ የኤክስ48 መጠሪያ ራሱ በፀረ ተባይ በድንገት መመረዝንና ለእርሱ መጋለጥን አጣምሮ ይዟልና። ሆኖም በሕይወት ላለ በሽተኛ ጉዳቱን የሚናገረው ቲ ሲሆን፣ ኤክስ የሚጨመረው ጉዳቱ እንዴት እንደደረሰ ለመግለጽ ነው። በሞት መዝገብ ላይ ነገሩ ይገለበጥና መሠረታዊ የሞት ምክንያት ሆኖ የሚቆጠረው ኤክስ48 ይሆናል፤ ራስን ለመጉዳት ከሆነ ኤክስ68፣ ሆን ተብሎ ይሁን በድንገት መለየት ካልተቻለ ዋይ18 ቦታውን ይወስዳል። አሜሪካ በሕይወት ላሉ በሽተኞች የምትጠቀምበት የምደባው ቅጂ ጉዳቱንና ጉዳቱ የደረሰበትን ሁኔታ በአንድ ኮድ ውስጥ ስላጠቃለላቸው፣ የዚያን አገር ሠንጠረዥ ከሌላው ጋር ሳያስተካክሉ ማነጻጸር ሌላ ስሕተት ነው።

«እንግዲያው ቲ ያልተጻፈለት ሁሉ አልተመረዘም» የሚል ካለ እርሱም ተሳስቷል። ኮድ የሚሰጠው ባለሙያ የሚሠራው ሐኪሙ በጻፈው ላይ ነው። ካርዱ ላይ «ፀረ ተባይ ሲረጭ ነበር፤ ያስመልሰዋል» ተብሎ ብቻ ከቆመ፣ ሁለቱን ዓረፍተ ነገሮች አገናኝቶ መመረዝ ነው ማለት የእኔ ሥልጣን አይደለም። ካርዱን ለሐኪሙ እመልሳለሁ፤ ጥያቄዬም መልሱን የሚጠቁም መሆን ስለሌለበት «መመረዝ ነው ወይ?» ሳይሆን «የማስመለሱ መንስኤ ምንድን ነው?» ብዬ እጽፋለሁ። መመረዝ ነው ካለና የፀረ ተባዩን ዓይነት ካልጠቀሰ ቲ60.9 ይሆናል። መልስ ሳይመጣ የወሩ ሪፖርት ከተዘጋ ደግሞ የማስመለስ ምልክት ኮድ የሆነው አር11 ይገባል፤ ያንን በሽተኛ አስተያየት ሰጪያችን በየትኛውም ድምር አያገኘውም።