እንደራሴው ማን ነው? የፓርላማና የተመራጮች ሥራ ከጅማ ሲታይ

በአማርኛ ለሕዝብ ተወካይ ከወጡት ስሞች ሁሉ «እንደራሴ» ሥራውን በራሱ ላይ ተሸክሞ የሚዞር ቃል ነው። እንደ ራሴ፣ እኔን ሆኖ በእኔ ቦታ የሚቆም ማለት ነው። ቃሉ ጅማ ሲደርስ ግን ሁለት አቅጣጫ ነበረው። በዘውዱ ዘመን ጅማ የከፋ ጠቅላይ ግዛት ዋና ከተማ ሳለች፣ እንደራሴ ሲባል ለሰሚው የሚታየው ንጉሠ ነገሥቱን ወክሎ ከአዲስ አበባ የሚላክ ሹም ነበር። ያ ሰው ያዝዛል፣ ይሾማል፣ ይሽራል። የዛሬው እንደራሴ ከዚህ ተመርጦ ወደ አዲስ አበባ የሚላክ ነው። የተሰጠው ሥራ ሕግ ማውጣት፣ በጀት ማጽደቅና አስፈጻሚውን መጠየቅ ነው፤ ማዘዝ የለበትም። ሁለቱ በአንድ ስም ሲጠሩ ኖረዋልና ብዙ መራጭ ዛሬም የመረጠውን ሰው የሚጠይቀው የድሮውን ሹም ሥልጣን ይዞ የመጣ ያህል ነው።

ከጥቂት ዓመታት በፊት ጅማ ውስጥ አንድ የፌዴራል ተመራጭ ከመራጮቻቸው ጋር በተገናኙበት አዳራሽ ተገኝቼ ነበር። ማይክሮፎኑ ከእጅ ወደ እጅ እየዞረ አንድ አዛውንት ጋ ደረሰ። «ልጄ፣ ክረምት በገባ ቁጥር ጎርፉ ከነጭቃው እቤቴ ይገባል። ቦዩ የሚቆፈረው መቼ ነው?» አሉ። ተመራጩ ማስታወሻቸው ላይ ጫር ጫር አደረጉና «አባቴ፣ ለሚመለከተው አካል አደርሳለሁ» ብለው መለሱ። አዛውንቱ ማይክሮፎኑን አልለቀቁም። «የሚመለከተው አካል አንተ አይደለህም እንዴ?» ሲሉ አዳራሹ በሳቅ ሞላ።

በሕጉ መሠረት መልሱ «አይደለሁም» ነው። አንድ የጅማ ከተማ ነዋሪ በስሙ የሚናገሩለት ብዙ ናቸው። በፌዴራል ደረጃ የሕዝብ ተወካዮች ምክር ቤት አባል አለው፤ በክልል ደረጃ የጨፌ ኦሮሚያ አባል፤ ከዚያ ዝቅ ሲል የከተማው ምክር ቤትና የቀበሌው ምክር ቤት አባላት አሉ። ከከተማው ወጥቶ በገጠር ለሚኖር ሰው በከተማው ምክር ቤት ፋንታ የወረዳ ምክር ቤት ይተካል። ዞኑ በኦሮሚያ አሠራር የክልሉ አስተዳደር ክንድ ነው እንጂ የራሱ ተመራጭ ምክር ቤት ያለው እርከን አይደለም። የሰፈር ቦይ የከተማው ጉዳይ ነው። 350 ኪሎ ሜትር ያህል ተጉዞ አዲስ አበባ የሚያደርሰው አውራ ጎዳና፣ የአባ ጅፋር አውሮፕላን ማረፊያና ጅማ ዩኒቨርሲቲ ግን የፌዴራል መንግሥት ናቸው። ስለነዚህ የአራት ኪሎውን ተመራጭ ማፋጠጥ ተገቢ ነው። አዛውንቱ ጥያቄያቸው ትክክል ነበር፤ የሳቱት ሰውዬውን ነው።

ፓርላማ ለኢትዮጵያ የመጣው በ1923 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት ነው፤ ሥራ የጀመረው በ1924 ዓ.ም.። የሕግ መወሰኛና የሕግ መምሪያ የሚባሉ ሁለት ምክር ቤቶች ነበሩት። የመወሰኛውን አባላት ንጉሠ ነገሥቱ ይሾሙ ነበር፤ የመምሪያውን ደግሞ፣ ሕዝቡ ራሱ ለመምረጥ እስኪደርስ ተብሎ፣ መኳንንቱና የአገር ሹማምንት ይመርጡ ነበር። የጅማ ነገር በዚያን ጊዜ ለብቻው ነው። ዳግማዊ አባ ጅፋር በ1870ዎቹ ለምኒልክ ገብረው የውስጥ አስተዳደራቸውን እንደያዙ ቆይተው ነበርና፣ የጅማ ራስ ገዝነት ያከተመው ፓርላማው ገና ዳዴ በሚልበት በ1920ዎቹ አጋማሽ ነው። በ1948 ዓ.ም. የተሻሻለው ሕገ መንግሥት የመምሪያውን አባላት ሕዝብ እንዲመርጥ ፈቀደ፤ ምርጫውም ከዚያ በኋላ ተካሄደ። ፓርቲ የሚባል አልነበረም፤ ንብረት የሌለው ሰውም ለዕጩነት አይበቃም ነበር። ደርግ በመስከረም 1967 ዓ.ም. ፓርላማውን በተነ። በ1970ዎቹ ማብቂያ ላይ የተቋቋመው ብሔራዊ ሸንጎ ከሥርዓቱ ጋር በ1983 ዓ.ም. ፈረሰ።

ዛሬ የሚሠራበት የ1987ቱ ሕገ መንግሥት ሁለት ምክር ቤቶች አሉት፤ የሥራ ድርሻቸው ግን እንደ ሌላው አገር የላይና የታች ቤት አይደለም። ሕግ የሚያወጣው የሕዝብ ተወካዮች ምክር ቤት ብቻ ነው። የፌዴሬሽን ምክር ቤት ሕገ መንግሥት ይተረጉማል፤ ክልሎች ከፌዴራል ካዝና የሚያገኙት ድጎማ የሚከፋፈልበትን ቀመርም ይወስናል። የፌዴሬሽኑን አባላት የክልል ምክር ቤቶች ይመርጣሉ፤ ክልሎቹ ከፈለጉ ሕዝቡ በቀጥታ እንዲመርጣቸው ማድረግ ይችላሉ። የተወካዮቹ ምክር ቤት መቀመጫ ከ550 እንዳይበልጥ በሕገ መንግሥቱ ተገድቧል፤ አሁን 547 ነው፤ ከነዚህ 178ቱ የኦሮሚያ ናቸው። የሥራ ዓመቱ መስከረም የመጨረሻው ሳምንት ሰኞ ይከፈትና ሰኔ 30 ይዘጋል፤ የአንድ ምክር ቤት ዘመን አምስት ዓመት ነው።

ሕግ ማውጣት ምን እንደሆነ ጅማ ላይ ለማስረዳት ከቡና የተሻለ ነገር አላውቅም። የጎማ ወይም የማና አርሶ አደር ቀዩን እሸት ቡና ለመፈልፈያ ጣቢያ ያስረክባል፤ ወይም ደግሞ አድርቆ ጀንፈሉን ለአቅራቢ ይሸጣል። በመሃል ያለው ሁሉ፣ ማን መግዛት እንደሚችል፣ ምን ፈቃድ እንደሚያስፈልገው፣ ጥራቱ እንዴት እንደሚጠበቅ፣ የሚገዛው በቡና ግብይትና ጥራት ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 1051/2009 ነው። አርሶ አደሩ የአዋጁን ቁጥር ላያውቅ ይችላል፤ ሚዛኑ ላይ ግን ያገኘዋል።

እንዲህ ያለ አዋጅ አብዛኛውን ጊዜ የሚነሳው ከሚኒስትሮች ምክር ቤት ነው። ረቂቁ ለተወካዮች ምክር ቤት ይቀርብና ለቋሚ ኮሚቴ ይመራል። ኮሚቴው አስረጂዎችን ይጠራል፣ የሕዝብ አስተያየት መድረክ ያዘጋጃል፣ አንቀጽ በአንቀጽ ይመረምራል፤ ከውሳኔ ሐሳቡ ጋር ለጠቅላላ ጉባኤው ይመልሰዋል። ከዚያ የድጋፍ፣ የተቃውሞና የድምፀ ተአቅቦ እጅ ይቆጠራል። ርዕሰ ብሔሩ በ15 ቀን ውስጥ ይፈርማሉ፤ ባይፈርሙም ሕጉ ሥራ ላይ ይውላል። በፌዴራል ነጋሪት ጋዜጣ ታትሞም ይወጣል።

ቴሌቪዥን የሚያሳየን እጅ ሲወጣ ብቻ ነው። የተወካይ ሙያ የሚለካው ግን ካሜራ በማይገባበት የኮሚቴ ክፍል ነው። አንድ አንቀጽ ላይ «አቅራቢ» የሚለው ቃል እንዴት ይተርጎም ተብሎ ሲከራከሩ፣ ጀንፈልን ከእሸት ቡና የሚለይ ሰው እዚያ ተቀምጦ መገኘቱ ለጅማ ከአሥር የጉባኤ ንግግር ይበልጣል። ቁጥሩንም አስሉት። ምልዓተ ጉባኤ ከአባላቱ ከግማሽ በላይ ነውና 274 ሰው ሲገኝ ስብሰባው ይጸናል። ውሳኔ የሚያልፈው በተገኙት አብላጫ ድምፅ ስለሆነ፣ በዚያ ቀን 138 እጅ ለመላ አገሪቱ የሚሆን ሕግ ያጸድቃል። የቀረ አባል ሳይናገር ድምፅ የሰጠ ያህል ነው።

በጀትም የሕግ ያህል ክብደት አለው። የበጀት ዓመቱ ሐምሌ 1 ስለሚጀምር ሰኔ የፓርላማው ሥራ የሚበዛበት ወር ነው። ከጸደቀው የፌዴራል በጀት ውስጥ ለክልሎች የሚሄደው ድጎማ በቀመሩ ይከፈላል፤ ኦሮሚያ የደረሰውን ከራሱ ገቢ ጋር ቀላቅሎ ጨፌው ያጸድቃል፤ ከዚያ ወደ ወረዳና ወደ ከተማ ይወርዳል፤ የጅማ ከተማ ምክር ቤትም የራሱን በጀት ያጸድቃል። አንድ የኮብልስቶን መንገድ ሰፈር እስኪደርስ ሦስት አዳራሽ ውስጥ እጅ ወጥቶበታል ማለት ነው። የት ቦታ እንደቀረ ለማወቅ የፈለገ ሰው ሦስቱንም መጠየቅ አለበት።

ቁጥጥር ሦስተኛው ሥራ ነው፤ ለእኔ ከሁሉም ከባዱ። ምክር ቤቱ ጠቅላይ ሚኒስትሩንና ሚኒስትሮችን ጠርቶ ይጠይቃል፣ የሥራ ሪፖርት ይሰማል፣ የፌዴራል ዋና ኦዲተርን ግኝት ይመረምራል። ከአባላቱ አንድ ሦስተኛው ከጠየቁ፣ በአስፈጻሚው ሥልጣን ሥር ያለ ማንኛውም ጉዳይ ለውይይት መቅረብ አለበት። የሰብዓዊ መብት ኮሚሽንና የእንባ ጠባቂ ተቋምም የምክር ቤቱ ልጆች ናቸው። የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ ሲታወጅ ምክር ቤቱ በሥራ ላይ ከሆነ በ48 ሰዓት፣ በዕረፍት ላይ ከሆነ በ15 ቀን ውስጥ ሊቀርብለት ግድ ነው፤ ሁለት ሦስተኛ ድምፅ ካላገኘ ይሻራል።

ችግሩ ጠያቂውና ተጠያቂው ከአንድ ቤት መውጣታቸው ነው። በኢትዮጵያ ሥርዓት ጠቅላይ ሚኒስትሩ የሚመረጠው ከምክር ቤቱ አባላት መካከል ነው። ጅማ ዞን ይህን በቅርብ ታውቀዋለች፤ በበሻሻ የተወለዱት ዐቢይ አሕመድ በ2002 ዓ.ም. ምርጫ ከአጋሮ ተመርጠው ፓርላማ ገቡ፣ በ2010 ዓ.ም. ጠቅላይ ሚኒስትር ሆኑ። በዚያው በ2002 ዓ.ም. ምርጫ ኢሕአዴግና አጋሮቹ ከ547 መቀመጫ 545ቱን ወሰዱ። ከቀሩት ሁለት አንዱን ያሸነፈው ከጅማ ማዶ፣ ከቦንጋ የተወዳደረ የግል ዕጩ ነበር። በ2007 ዓ.ም. ደግሞ 547ቱም የግንባሩና የአጋሮቹ ሆኑ። እንዲህ ባለ ቤት «በሙሉ ድምፅ ጸደቀ» የሚለው ዜና ክርክሩ አልቆ ነው ወይስ ሳይጀመር የሚል ጥያቄ ቢያስነሳ አይገርምም።

ሕገ መንግሥቱ ራሱ ለተወካዩ ከፓርቲ በላይ የሆኑ ሦስት አለቆች ሰጥቶታል፤ ሕገ መንግሥቱን፣ ሕዝቡንና ሕሊናውን። ተወካዩ የመላው ሕዝብ ተወካይ ነው ይላልና፣ ከአጋሮ የተመረጠው ስለ አፋር ግጦሽ መናገር መብቱም ግዴታውም ነው። በምክር ቤት በሰጠው ድምፅ ወይም አስተያየት አይከሰስም፤ እጅ ከፍንጅ ካልተያዘ በቀር ያለ ምክር ቤቱ ፈቃድ አይያዝም። በሌላ በኩል መራጩ አመኔታ ካጣበት ውክልናው ይነሳል። ይህ የመጨረሻው ድንጋጌ ሲጠቀስ ብዙ ጊዜ ሰምቻለሁ፤ ሲሠራበት ግን አላየሁም።

ጨፌ የሚለው ስም ለጅማ የራሱ ታሪክ አለው። ጨፌ ለምለም የሣር መስክ ነው፤ በገዳ ሥርዓት ሸንጎው የሚቀመጥበት ቦታ። በዞኑ የሚገኘው ኦዳ ሁሌ ከታወቁት የገዳ ሸንጎ ሥፍራዎች አንዱ ነው። በ19ኛው ክፍለ ዘመን ግን ጅማን ጨምሮ አምስቱ የጊቤ መንግሥታት ሸንጎውን ትተው ወደ ንግሥና ዞሩ። ስለዚህ ጂሬን ኮረብታ ላይ የአባ ጅፋር ቤተ መንግሥት ያላት ከተማ ዛሬ እንደራሴዎቿን የምትልከው በሸንጎው ስም ወደተሰየመ ምክር ቤት ነው። ጨፌው አዳማ ላይ በአፋን ኦሮሞ ይሰበሰባል፤ ያወጣቸው ሕጎች በመገለታ ኦሮሚያ ሲታተሙ አማርኛም ይጨመርባቸዋል። የጅማ የአማርኛ አንባቢ የክልሉን ሕግ የሚያገኘው እዚያ ነው።

ወደ አዛውንቱ ቦይ ልመለስ። እሳቸው መጠየቅ የነበረባቸው የከተማው ምክር ቤት አባል ነው፤ ለቤታቸው ከሁሉም ቅርብ የሆነው ተመራጭ። የከተማና የቀበሌ ምክር ቤቶች ምርጫ በመላ አገሪቱ የተካሄደው በሚያዝያ 2005 ዓ.ም. ነበር። በ2010 ዓ.ም. ሊደረግ የነበረው ቀጣዩ ተራዘመ። በ2013 ዓ.ም. ጠቅላላ ምርጫ የአካባቢ ምክር ቤቶቻቸውን የመረጡት አዲስ አበባና ድሬዳዋ ብቻ ነበሩ። በዚያ ዓመት አዛውንቱ ድምፅ የሰጡት ለአራት ኪሎና ለአዳማ ነው፤ ለቦያቸው አይደለም።