«በፍርድ ከሄደች በቅሎዬ ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦዬ»፦ ትርጉሙና መነሻው

«በፍርድ ከሄደች በቅሎዬ ይልቅ ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦዬ ታንገበግበኛለች» ይላል አማርኛ። አንዳንዱ «በፍትሕ ከሄደች» ብሎ ይጀምረዋል፤ በመጨረሻው ግስ ፈንታ «ታሳዝነኛለች» ወይም «ትቆጨኛለች» የሚልም አለ። ብዙ ጊዜ ግን ማሰሪያ ግሱ ይተውና በቅሎዋና ጭብጦዋ ብቻ ይጠራሉ፤ የቀረውን ሰሚው በልቡ ይሞላዋል። ሲፈታም፣ ዳኛ ጉዳዬን ሰምቶ ፈርዶብኝ ካጣኋት በቅሎ ይልቅ ማንም ሳይዳኘኝ የተነጠቅኋት ጭብጦ አብልጣ ታቃጥለኛለች ማለት ነው።

የአነጋገሩ ኃይል ያለው በሁለቱ ንብረቶች መካከል ባለው ርቀት ላይ ነው። በቅሎ በቀድሞው ዘመን የመኳንንቱና የታላላቅ ካህናቱ መቀመጫ፣ ዳገት ቁልቁለቱን በእርጋታ የምትወጣና የምትወርድ፣ ለብዙ ሰው ከቤቱ ንብረት ሁሉ የምትበልጥ ሀብት ነበረች። ጭብጦ ደግሞ «ጨበጠ» ከሚለው ግስ የተገኘ ስም ነው። የገብስ በሶ በውሃና በጥቂት ጨው ይለወስና በመዳፍ ይጨመቃል፤ የጣቶቹ ቅርጽ እንደታተመበት መንገደኛው እየገመጠ ይሄዳል። መጠኑ የባለቤቱን እጅ ያህል ነው፤ ገበያ ወጥቶ የሚሸጥ ነገር አይደለም። ተናጋሪው ከርካሽ ነገር ሁሉ ይህችን የመረጠው በአጋጣሚ አይመስለኝም። ጭብጦን ከሰው ለመንጠቅ የተጨበጠ እጁን ፈልቅቆ መክፈት ያስፈልጋልና።

በቅሎዋ «በፍርድ የምትሄደው» እንዴት እንደሆነ ለመረዳት የቀድሞውን የሙግት ሥርዓት ማስታወስ ይገባል። ሁለት ባለጉዳዮች ሲጣሉ «በሕግ አምላክ!» ይባባሉና መንገደኛም ቢሆን ዳኛ ሆኖ እንዲሰማቸው ይጠይቁ ነበር። ከሳሽና ተከሳሽ የነጠላቸው ጫፍ ተቋጥሮ፣ ተቆራኝተው ወደ ዳኛ የሚሄዱበት ጊዜ ነበር። ከዛፍ ጥላ ሥር ቆመው በተጠየቅ ሲሟገቱም የነገራቸውን እውነተኛነት ለማጽናት ውርርድ ይገቡ ነበር፤ አንዱ ማር፣ አንዱ ፈረስ፣ አንዱ በቅሎ ያስይዛል፤ የተረታው ያስያዘውን ለዳኛው ይከፍላል። እንግዲህ በእኔ አነባበብ የምሳሌው በቅሎ ከዚህ አደባባይ የወጣች ናት። ባለቤቷ ተከራክሯል፣ እማኙን አስቆጥሯል፣ ተረቷል፤ በእግሩም ወደ ቤቱ ተመልሷል። ያም ሆኖ ዕዳ ከፈልሁ ይላል እንጂ ተዘረፍሁ አይልም።

ሰው አዘውትሮ የሚጠቅሰው የምሳሌውን ሁለተኛ ግማሽ፣ ማለት የጭብጦዋን ቁጭት ነው። እኔ ግን ከባዱ የመጀመሪያው ግማሽ ነው እላለሁ። በቅሎዋን ያህል ሀብት አጥቶ «ትሂድ» ማለት ከባድ የኅሊና ሥራ ነው። እንግሊዛዊው ፈላስፋ ጆን ሎክ እ.ኤ.አ. በ1689 ለሕትመት ባበቃው የመንግሥት ድርሳን ሰዎች ከተፈጥሯዊ ነጻነታቸው ወጥተው በመንግሥት ሥር ለመኖር የሚስማሙበትን ምክንያት ሲያስረዳ፣ ሰው በገዛ ጉዳዩ ራሱ ዳኛ ሲሆን ለራሱ ማድላቱ ስለማይቀር የታወቀ ሕግና የማያዳላ ዳኛ ያስፈልገዋል ይላል። ዳኛ እንዲኖር መስማማት ደግሞ አንድ ቀን ለመረታትም መስማማት ነው። በምርጫ የተሸነፈ ፓርቲ ቢሮውን የሚያስረክበው፣ በችሎት የተረታ ነጋዴ ካሳውን የሚከፍለው ይህን ስምምነት ስላደረገ ነው። ሊበራል የሚባለው፣ የግለሰብን ነጻነትና መብት የሚያስቀድመው ኅብረተሰብ በሕገ መንግሥቱ የተጻፈውን ያህል በተሸናፊዎቹ ኅሊና ይቆማል።

ያው ሎክ የንብረት መብትን ሲመሠርት የሚነሣው ማንኛውም ሰው የገዛ አካሉ ባለቤት ነው ከሚል ሐሳብ ነው። የእጁ ሥራ የእሱ ነው፤ ስለዚህ በእጁ ሥራ ከተፈጥሮ ያወጣው ነገርም የእሱ ይሆናል። የጣት አሻራ የታተመባት ጭብጦ ለዚህ ሐሳብ ከምንም የበለጠች ምሳሌ ትመስለኛለች።

የጭብጦዋን ቁጭት በታሪክ በተግባር ካሳዩት ሰዎች ሁሉ ጆን ሃምፕደንን የሚያህል አላውቅም። የእንግሊዙ ንጉሥ ቀዳማዊ ቻርልስ ፓርላማው ሳይስማማ «የመርከብ ገንዘብ» የተባለ ግብር ሲጥል፣ ሃብታሙ የመሬት ባለቤት ሃምፕደን በአንድ ርስቱ ላይ የተጠየቀው 20 ሺሊንግ ብቻ ነበር። አልከፍልም አለ፤ ጉዳዩም እ.ኤ.አ. በ1637 ፍርድ ቤት ቀረበ። የእንግሊዝ ፓርላማ አባል የነበረው ኤድመንድ በርክ እ.ኤ.አ. በ1774 ስለ አሜሪካ ግብር ለፓርላማ ሲናገር ይህን አስታውሶ፣ 20 ሺሊንግ ሃምፕደንን አያደኸየውም ነበር፤ በተጠየቀበት መንገድ ግን ግማሹን እንኳ ቢከፍል ባሪያ ባደረገው ነበር የሚል ትርጉም ያለው ቃል ተናግሯል። አማርኛ የሚያውቅ ሰው ይህን ንግግር ሲሰማ በቅሎዋና ጭብጦዋ ወዲያው ትዝ ይሉታል።

እንዲህ ያለ ቁጭት ግን የባለርስት ብቻ አይደለም። አንድ ቀን አውቶቡስ ስንጠብቅ አንድ ጥበቃ የቆሎ ሻጭ እናትን ሰፌድ በእግሩ ገፍቶ ደፋው። ሴትዮዋ ተንበርክካ ገብሱን ከአቧራው እየለየች ወደ ሰፌዱ ትመልስ ጀመር፤ የመስፈሪያ ስኒዋ ተንከባልሎ ከአስፋልቱ ጠርዝ ደርሶ ነበር። ከተሰለፍነው መካከል አንድ ወጣት ስኒውን አንሥቶ ከመቶ ብር ጋር ሲሰጣት ስኒውን ተቀብላ ብሩን መለሰችለት። «የብሩ ነገር አይደለም ልጄ፤ አንድ ቃል እንኳ አልጠየቀኝም» አለችው። ብሩ ከፈሰሰው ቆሎ ዋጋ እንደሚበልጥ ሁላችንም እናውቅ ነበር።

ነገሩን በሒሳብ ብቻ የሚመዝን ሰው ይህ አይገባውም። ጥቅምንና ጉዳትን አስልቶ ሕግ ማውጣት ይገባል የሚለው እንግሊዛዊ ፈላስፋ ጀረሚ ቤንታም የተፈጥሮ መብት የሚባለውን በእንጨት እግር ላይ የቆመ ከንቱ ወሬ ብሎታል። አሜሪካዊው ፈላስፋ ጆን ሮልስ እ.ኤ.አ. በ1971 የመለሰው መልስ፣ እያንዳንዱ ሰው በፍትሕ ላይ የተመሠረተ፣ የኅብረተሰቡ ጠቅላላ ደኅንነት እንኳ ሊሽረው የማይችል አይደፈሬነት አለው የሚል ነው። እኔ ከሮልስ ጋር ነኝ። ቆሎ ሻጯን ያንገበገባት የስሌት ስሕተት አይደለም፤ መብት እንደሌላት መቆጠሯ ነው። የአገራችን ሕግም በቃል ደረጃ ይህን ያውቃል። በ1948 ዓ.ም. የተሻሻለው ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 43 ማንም ሰው ያለ ሕግ ሥርዓት ሕይወቱን፣ ነጻነቱን ወይም ንብረቱን እንዳያጣ ይደነግጋል፤ በ1987 ዓ.ም. የጸደቀውም በአንቀጽ 10 ሰብአዊ መብቶች ከሰው ልጅ ተፈጥሮ እንደሚመነጩ ይናገራል።

አንድ ከባድ ጥያቄ ይቀራል። ፍርድ የሚለው ስም ብቻውን በቅሎዋን ያስለቅቃል ወይ? ሃምፕደን እኮ ተሟግቶ ተረትቷል፤ ከ12ቱ ዳኞች 7ቱ ለንጉሡ ፈረዱ፤ 5ቱ ለእሱ። ነገር ግን ዳኞቹን የሚሾማቸውም የሚሽራቸውም ተከራካሪው ንጉሥ ነበር። አማርኛ ለእንዲህ ያለው ዳኛ «ፍርደ ገምድል» የሚል ስም አለው፤ ፍርድ የሚያጓድል ማለት ነው። በውርርዱ ሥርዓት በቅሎዋን የሚወስደው ዳኛ ጥቅም ነበረው፤ ይሁን እንጂ የትኛውም ወገን ቢረታ ለእሱ ልዩነት አልነበረውም። የንጉሡ ዳኞች ግን ማን ቢረታ እንደሚሻላቸው ያውቁ ነበር። ፓርላማው በ1641 ያንን ፍርድ ሻረው፤ ዳኞች በንጉሡ ፈቃድ ብቻ እንዳይሻሩ በሕግ የተወሰነው ግን በ1701 ነው። ስለዚህ ከችሎት ወጥቶ «ጭብጦዬ!» የሚልን ሰው፣ መረታቱን ብቻ አይቶ አልቃሻ ነው ማለት አይገባም፤ ማን ፊት ቆሞ እንደተረታ አስቀድሞ መጠየቅ ይገባል።