አሜሪሲየም እና የጭስ መጠቆሚያ

አሜሪሲየም የአቶም ቁጥሩ 95 የሆነ፣ ብርማ መልክ ያለው ሰው ሠራሽ ራዲዮአክቲቭ ብረት ነው። አሜሪካዊው ኬሚስት ግሌን ሲቦርግና ባልደረቦቹ እ.ኤ.አ. በ1944 መጨረሻ ቺካጎ ውስጥ አገኙት። ሥራው የጦርነት ምስጢር ስለነበር እስከ 1945 ኅዳር ድረስ ይፋ አልወጣም፤ ያኔም ሲቦርግ ወሬውን ያወጣው በልጆች የሬዲዮ ፕሮግራም ላይ ለተጠየቀው ጥያቄ ሲመልስ ነው።

ፕሉቶኒየም-239 በኑክሌር ማብላያ ውስጥ ሁለት ኒውትሮን (የኤሌክትሪክ ሙል የሌላቸው የአቶም እምብርት ቅንጣቶች) ተራ በተራ ሲውጥ ፕሉቶኒየም-241 ይሆናል። የዚህ ግማሽ ዕድሜ፣ ማለትም ግማሹ ፈርሶ የሚያልቅበት ጊዜ፣ 14 ዓመት ገደማ ሲሆን፣ እየፈረሰ ወደ አሜሪሲየም-241 ይለወጣል።

በብዙ ቤቶች ጣሪያ ላይ በሚሰቀለው የአዮን ጭስ መጠቆሚያ ውስጥ 0.3 ማይክሮግራም ያህል የአሜሪሲየም ኦክሳይድ በስስ ወርቅ ታሽጎ ይገኛል። ከአሜሪሲየሙ የሚለቀቁት አልፋ ቅንጣቶች (የሂሊየም አቶም እምብርቶች) በሁለት ሰሌዳዎች መካከል ያለውን አየር አዮን፣ ማለትም የኤሌክትሪክ ሙል ያለው ቅንጣት፣ ያደርጉታል፤ በዚህም ደካማ የኤሌክትሪክ ፍሰት ይኖራል። ጭስ ሲገባ አዮኖቹ በብናኙ ላይ ይጣበቃሉ፣ ፍሰቱ ይቀንሳል፣ ደወሉ ይጮሃል።

መሣሪያው ነበልባል ላለው እሳት ፈጣን ነው። ፍራሽ ውስጥ ቀስ ብሎ ለሚጨስ እሳት ግን ይዘገያል፤ ለዚያ በብርሃን የሚሠራው ዓይነት ይሻላል፣ ሁለቱም ቢኖሩ ደግሞ ይመረጣል። የምድጃ ጭስ፣ የመታጠቢያ ቤት እንፋሎት፣ አቧራና ትናንሽ ነፍሳት በከንቱ ያስጮኹታል። ስለዚህ ከምድጃና ከመታጠቢያ ቤት በር ይራቅ፣ ቀዳዳዎቹ በአቧራ መጥረጊያ ማሽን ይጽዱ፣ ቀለም አይቀባ። በወር አንዴ የመሞከሪያውን ቁልፍ መጫን ያስፈልጋል። አልፎ አልፎ አጭር ድምፅ ካሰማ ባትሪው እያለቀ ነው።

በ10 ዓመት ይቀየር የሚባለው አሜሪሲየሙ ስለሚያልቅ አይደለም። ግማሽ ዕድሜው 432 ዓመት ስለሆነ በ10 ዓመት የሚቀንሰው 1.6 በመቶ ብቻ ነው፤ የሚያረጀው ኤሌክትሮኒክሱ ነው።

አልፋ ቅንጣት በአየር ውስጥ ከጥቂት ሴንቲሜትር አያልፍም፣ ወረቀትም ያቆመዋል። ወደ ሰውነት ከገባ ግን አሜሪሲየም በአጥንትና በጉበት ውስጥ ለብዙ ዓመታት ይቀመጣል። ስለዚህ መሣሪያውን መፍታት ወይም ማቃጠል ክልክል ነው።

ከቤሪሊየም ዱቄት ጋር ሲቀላቀል ደግሞ የኒውትሮን ምንጭ ይሆናል። ሃይድሮጂን ኒውትሮንን ስለሚያዘገይ፣ የዘገዩትን በመቁጠር የአፈር እርጥበትና በነዳጅ ጉድጓድ ዙሪያ ያለው ዓለት ምን ያህል ፈሳሽ እንደያዘ ይለካል። ቆጣሪው ግን የውኃን ሃይድሮጂን ከሌላው አይለይም፤ የበሰበሰ ዕፀዋት የበዛበት አፈር ከእውነቱ በላይ እርጥብ መስሎ ስለሚታይ፣ ከዚያው ቦታ የተወሰደ አፈር በምድጃ ደርቆ ተመዝኖ ንባቡ በዚያ ይታረማል።