ብቻውን የበላ ብቻውን ይሞታል፦ በር ዘግታ ለምትጽፍም ይሠራል?

ባለፈው ክረምት አንድ ቅዳሜ፣ ጠዋት 4 ሰዓት ገደማ፣ የጎረቤቴ የልጅ ልጅ በሬን ትደበድባለች። «ቡና ደርሷል ብላሻለች እማማ!» እኔ ወጥ ቤት ነኝ። ወጥ ቤት የምጽፈው ወድጄ አይደለም። መኝታ ቤቱን ልጆቹ ይዘውታል፣ ሳሎኑን ቴሌቪዥኑ፤ በር ዘግቼ የምቀመጥበት የቀረኝ እሱ ነው። ደብተሬን የዱቄቱ ባልዲ ክዳን ላይ ዘርግቼ፣ ሦስት ቀን ሙሉ አልያዝ ያለችኝን አንዲት ዐረፍተ ነገር ልይዛት ስል ነበር። «መጣሁ በያት» አልኳት። አልመጣሁም። ልጅቷ ተመልሳ መጣች። አሁንም «መጣሁ»። በመጨረሻ እትዬ ራሳቸው ጀበናውን እሳት ላይ ትተው መጡ።

«ምን እየበላሽ ነው በር ዘግተሽ?»

«ኧረ አልበላሁም እትዬ፣ እየጻፍኩ ነው።»

ደብተሩን አዩት። ምድጃውን አዩት። ምድጃው ላይ ምንም የለም።

«ያው ነው» አሉኝ። «ብቻውን የበላ ብቻውን ይሞታል።»

ሳቅኩ፣ ተነሳሁ፣ ቡናውን ከአቦል እስከ በረካ ጠጣሁ። ስመለስ ዐረፍተ ነገሯ የለችም። አባባሉ ግን ውስጤ ቀረ። ከልጅነቴ ጀምሮ ስሰማው ኖሬ፣ ቁጭ ብዬ አስቤው እንደማላውቅ የገባኝ ያን ቀን ነው።

ላይ ላዩን ካየነው ማስፈራሪያ ነው፦ ለሰው ሳያካፍል የሚበላ የሞቱ ቀን ሰው አያገኝም። ልብ ካላችሁት ግን «ብቻውን» ሁለቴ ሲገባ ትርጉሙ አንድ አይደለም። የመጀመሪያው ምርጫ ነው። ሰውየው እንጀራውን ይዞ ጓዳ ገባ። ሁለተኛው ፍርድ ነው። ለመሞትማ ሁሉም ብቻውን ነው የሚሞተው፣ ደግ ሆነ ንፉግ። አባባሉ የሚያወራው ነፍስ ከወጣች በኋላ ስለሚመጣው ሥራ ነው፤ ስለ ገናዡ፣ ስለ ጉድጓድ ቆፋሪው፣ ስለ ቃሬዛ ተሸካሚው፣ ስለ አልቃሹ፣ ንፍሮ ስለሚቀቅለው ሰው። ገበሬ ብቻውን ማረስ ይችላል። ብቻውን ማጨድም ይችላል፣ ጊዜ ይፈጅበታል እንጂ። ራሱን መቅበር ግን አይችልም። አባባሉም የሚይዘው እዚያች ላይ ነው። «ቀባሪ አያሳጣን» ብለው የሚጸልዩ ሰዎች ይህን አባባል ሲሰሙ ምን እንደሚታያቸው አስቡት።

ማን አለው፣ መቼ ተባለ ብትሉ፣ እንደ አብዛኛው ተረትና ምሳሌያችን ባለቤት የለውም። ከየት እንደበቀለ ግን ማዕዱ ራሱ ይናገራል። አንድ ሰው እየበላ ሌላ ሰው ቢደርስ የሚለው «እንብላ» ነው። «ብላ» እንኳን አይልም፤ እኔም አንተም አብረን ማለቱ ነው። የመጣው ሰው ወይ «ብሉ፣ ይባርክላችሁ» ብሎ ያልፋል ወይ እጁን ታጥቦ ይቀመጣል። በገጠር ደግሞ ደቦ አለ። ሰዎች መጥተው ማሳህን ያርሱልሃል፣ አንተ ታበላለህ ታጠጣለህ። አሳርሶ ያላበላ በሚቀጥለው ዓመት ቢጣራ የሚመጣለት የለም። እድር በየወሩ መዋጮ እየሰበሰበ ድንኳንና ሰሃን ከመግዛቱ በፊት፣ መዋጮው እንጀራው ነበር ማለት ነው። ያበላኸው ሰው ይቀብርሃል። ሒሳቡ ግልጽ ነው፣ ትንሽም ያስፈራል።

ዛሬ ዛሬ አባባሉ ሹመት አግኝቶ ዘመድ ለረሳ፣ ገንዘብ ደርሶት ስልክ ለዘጋ ሰው ይነገራል። አንዳንድ መሥሪያ ቤት ውስጥ ደግሞ ጉቦውን ላላካፈለው ባልደረባ ይነገራል አሉ፣ እሱን እንተወው።

አሁን ወደ ሰዋስዉ። አባባሉ «የበላ» ነው የሚለው፣ «የበላች» አይልም። ተረትና ምሳሌ ሁሉ በወንድ ነው የሚነገረው ትሉኛላችሁ፣ እውነት ነው። ግን እዚህ ላይ ሌላም ነገር ያለ ይመስለኛል። እኔ ባደግኩበት ቤት መጀመሪያ አባትና እንግዳ ይበላሉ፣ ቀጥሎ ልጆች፣ በመጨረሻ እናት፣ እሷም ቆማ፣ ከድስቱ ጠርዝ በእንጀራ ቁራሽ ጠርጋ። ሴት ብቻዋን የምትበላው ከሁሉ ወደኋላ ቀርታ ነው። ስስት እንኳን አቅም ይጠይቃል። ጓዳው የእሷ ነው ተባለ እንጂ እንጀራውን ለማን እንደሚቆርስ የሚያዘው ሌላ ነበር።

ብቻዋን የምትሠራው ግን ስንት ነገር አለ! ሌሊት ተነስታ ብቻዋን ታቦካለች። ጭስ ቤት ገብታ፣ ዓይኗ እያለቀሰ፣ ብቻዋን ትጋግራለች። እናቴ ስትጋግር እኛ ልጆቹ ወደ ውስጥ ዝር አንልም ነበር፣ ምክንያቱም ሊጡን ምጣዱ ላይ እያዞሩ ወሬ መያዝ አይቻልም፤ ወይ ይወፍራል ወይ ይቀደዳል። አስታውሳለሁ፣ አንዴ እህቴ በር ላይ ቆማ ስለ ትምህርት ቤት ስታወራት እናቴ አንድም ቃል ሳትመልስ፣ ከምጣዱ ላይ ዓይኗን ሳታነሳ፣ በግራ እጇ ብቻ «ሂጂ» አለቻት። ያኔ ማንም «ብቻውን የበላ» አላላትም። ለምን ይላታል? ብቻዋን የጋገረችው ወጥቶ ይበላል። አባባሉ እኮ «ብቻውን የጋገረ ብቻውን ይሞታል» አይልም። «የበላ» ነው የሚለው። ከእትዬ ጋር ያለኝ ክርክር በሙሉ እዚህች ግስ ላይ ነው። እሳቸው በር ዘግቼ ሲያገኙኝ መብላት መሰላቸው። እኔ ምጣድ ላይ ነበርኩ።

የሚገርመው፣ አማርኛ ብቻ መሆንን ሳያውቅ ቀርቶ አይደለም። እርግጥ ነው፣ ድር ቢያብር አንበሳ ያስር፣ ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ ለሃምሳ ሰው ጌጡ፣ አንድ እጅ ብቻውን አያጨበጭብም፣ እየተባለ ነው ያደግነው። ግን በቤተ ክርስቲያን በኩል ከመጣ ብቸኝነት ክብር አለው። ሱባዔ አለ፤ ቃሉ ከግዕዙ ሰባት ጋር የተያያዘ ነው፣ ከሰው ተለይቶ በጾምና በጸሎት መሰንበት። ጽሞና አለ። ባሕታዊ አለ፣ መናኝ አለ። «ሱባዔ ገብታለች» ከተባለ በርሽን ማንም አያንኳኳም፣ ቡናው ያለ አንቺ ይጠጣል። «እየጻፈች ነው» ከተባለ ግን «ምን ሆና ነው?» ይባላል። አንድ ጊዜ ታሪክ ለመጨረስ ብዬ ሱባዔ ነኝ ብዬ ዋሽቻለሁ። አራት ቀን በሰላም ጻፍኩ። በአምስተኛው ቀን ጎረቤቶቼ፣ ደክሟት ይሆናል ብለው፣ ዳቦ ጋግረው መጡ። የዚያን ዕለት ያፈርኩትን እፍረት ለማንም አልመኝም።

ይህን ሳስብ ሁሌ ትዝ የሚሉኝ ሁለት እህትማማቾች አሉ፣ የከንቲባ ገብሩ ደስታ ልጆች። ታላቂቱ ወይዘሮ ስንዱ ገብሩ እ.ኤ.አ. በ1916 ተወለዱ። ታናሺቱ የውብዳር ገብሩ በ1923፤ እኚህን ዓለም የሚያውቃቸው የፒያኖ ደራሲዋ እማሆይ ጽጌ ማርያም ተብለው ነው። ሁለቱም በልጅነት ስዊዘርላንድ ተልከው ተማሩ። በጣሊያን ወረራ ጊዜ ጣሊያን አገር ወዳለችው አዚናራ ደሴት ተጋዙ። ከነጻነት በኋላ መንገዳቸው ተለያየ። ወይዘሮ ስንዱ የእቴጌ መነን ትምህርት ቤትን መሩ፣ ግጥምና ተውኔት ጻፉ፣ «የልቤ መጽሐፍ»ን በ1942 ዓ.ም. አሳተሙ፣ እ.ኤ.አ. በ1957 ደግሞ ተመርጠው ፓርላማ የገቡ የመጀመሪያዋ ሴት ሆኑ። ሰው መሀል የኖሩ ጸሐፊ ናቸው።

ታናሺቱ ለንደን ሄደው ሙዚቃ የሚማሩበት ዕድል አግኝተው ነበር፤ ሳይፈቀድላቸው ቀረ። ያን ጊዜ፣ ራሳቸው እንደተናገሩት፣ ምግብ አልበላም አሉ። ተመልከቱ እንግዲህ፣ ብቻዋን የበላች ሳይሆን ጭራሽ ያልበላች! ቀጥሎ ግሸን ማርያም ገቡና ወደ 10 ዓመት ያህል ያለ ጫማ፣ ያለ ፒያኖ ተቀመጡ። ከዚያ ተመልሰው ፒያኖው ፊት ሲቀመጡ የወጣውን ሙዚቃ የሰማ ያውቀዋል። የመጀመሪያ ሸክላቸው እ.ኤ.አ. በ1967 ጀርመን ታተመ፣ ገቢውም ለችግረኞች ነበር። ከ1984 ጀምሮ ኢየሩሳሌም፣ በኢትዮጵያውያን ገዳም፣ በአንዲት ትንሽ ክፍል ውስጥ ከፒያኗቸው ጋር ኖረው በ2023 በ99 ዓመታቸው አረፉ። ብቻቸውን ጋግረው ስንቱን አበሉ።

እማሆይ የዘጉት በር ስም ነበረው፦ ገዳም። ማንም «ምን ሆና ነው?» አይልም። ለምትጽፍ፣ ባል ላላት፣ ልጅ ላላት፣ ቡና ለምትጠራ ሴት እንዲህ ያለ ስም ያለው በር የለም። እኔን የሚያናድደኝ የሰው መብዛቱ እንዳይመስላችሁ። ሰው እወዳለሁ፣ ያለ ሰው ምን እጽፋለሁ? የሚያናድደኝ በሩን ስዘጋ የምጠራበት ቃል ማጣቴ ነው። «ሥራ ላይ ነኝ» ስል ደመወዝሽ ስንት ነው እባላለሁ።

ሆኖም እትዬ ሙሉ በሙሉ ተሳስተዋል አልልም። ቁምሳጥኔ ውስጥ፣ ከብርድ ልብሱ ስር፣ ስምንት ደብተር አለ። አንዱንም ለማንም አላሳየሁም። ገና ነው እላለሁ፣ አልበሰለም እላለሁ፣ እውነቱ ግን ፍርሃት ነው። ጋግሮ ጋግሮ ለራስ ማስቀመጥ፣ እየገለጡ ብቻ ማንበብ፣ ማጣጣም፣ መልሶ መሸፈን። እሱማ መብላት ነው። ያውም ጓዳ ገብቶ።

በሚቀጥለው ቅዳሜ ከስምንቱ አንዱን ይዤ ለቡና ሄድኩ። ታሪኩ ጠጅ እየጣለች ልጆቿን ስላሳደገች ሴት ነው። አቦሉ ሲቀዳ ማንበብ ጀመርኩ። እትዬ ዓይናቸውን ጨፍነው ሰሙ። ቶናው ጀበናው ውስጥ ቀረ፣ ሲኒዎቹ ሳይታጠቡ፣ ፈንዲሻውን ልጅቷ ብቻዋን ጨረሰችው። አንብቤ ስጨርስ ዝም አሉ። ልቤ እየመታ ነው።

«ጠጁን አበላሸሽው» አሉኝ።

«እንዴት እትዬ?»

«ብርዙ ሳይፈላ ጌሾ ይገባል እንዴ? ይቺ ሴት ሞያ አታውቅም። እንዲህ ጥላ ልጅ አታሳድግም፣ ደንበኛ ሁሉ ይሸሻታል።» ከዚያ አንድ ሰዓት ሙሉ የጠጅ አጣጣል አስተማሩኝ፣ የማሩን ልክ፣ የጋኑን አስተጣጠን፣ እኔ ደብተሩ ጀርባ ላይ እየጻፍኩ።

ባለፈው ቅዳሜ በሩ እንደገና ተንኳኳ። ልጅቷ ናት። «ቡና ደርሷል ብላሻለች እማማ። እየጻፍሽ ከሆነ ግን በረካው ላይ ነይ ብላለች። ጌሾውን አስተካከልሽው ወይ ብላለች።»